ለትልቅ የባሕር ዓሣ የትኛው ቀስት? ከወሎ ለሚነሳ ሰው የተዘጋጀ ንጽጽር

ከኮምቦልቻ ባሕሩ ያን ያህል ሩቅ አይደለም። የባቲን ቁልቁለት ወርዶ፣ ሚሌን አልፎ ጋላፊ የደረሰ ሹፌር ጅቡቲ ገባ ማለት ነው። ከዓረብ አገር የሚመለሰውም ቢሆን ባሕሩን ለዓመታት ሲያየው የኖረ ነው። ስለዚህ «የባሕር ዓሣ በቀስት ይወጋል ወይ? ምን ልግዛ?» የሚለው ጥያቄ ወሎ ውስጥ መነሳቱ አይገርምም። ይወጋል። ችግሩ ገዢው ገንዘቡን ቀስቱ ላይ ጨርሶ ለገመዱና ለተንሳፋፊው የተረፈውን ሳንቲም መመደቡ ነው። አምስት ኪሎ ዓሣ በማንኛውም ቀስት ይወጣል። ሃምሳ ኪሎ ዓሣ የሚወጣው ግን በገመዱ ነው፤ ከዚህ በታች ያለው ንጽጽርም በዚሁ ሚዛን የተሠራ ነው።

ቀስት የሚደርስበትና የማይደርስበት ዓሣ

የውሃ እፍጋት ከአየር 800 እጥፍ ያህል ነው። በአየር ላይ የሚበር ከባድ ፍላጻ ውሃ ከገባ በኋላ አንድ ሜትር ሳይሞላ አብዛኛውን ጉልበቱን ይጨርሳል። ስለዚህ ቀስት የሚሆነው ከገጽ አጠገብ ለሚዋኝ ወይም ጥልቀት በሌለው ዳርቻ ለሚመገብ ዓሣ ነው፤ ስቲንግሬይ የሚባለው ጠፍጣፋ፣ ጅራቱ እሾሃም ዓሣ፣ ዳርቻ የሚመጣ ሻርክ፣ ረጅሙና ጥርሳሙ ባራኩዳ፣ አፉ እንደ መርፌ የረዘመው ዓሣ የዚህ ወገን ናቸው። ድንጋይ ሥር አሥር ሜትር ወርዶ የሚኖር ዓሣ የመንጠቆ ሥራ ነው። ቱናም እንዲሁ፤ ፍጥነቱ ለቀስት ጊዜ አይሰጥም።

አንድ ዓሣ ግን በተለይ ይለይ። ከኅዳር እስከ ጥር ባለው ጊዜ በታጁራ ባሕረ ሰላጤ ዌል ሻርክ ይሰበሰባል። እንደ አውቶቡስ የገዘፈ፣ ዝግ ብሎ ከገጽ ላይ የሚዋኝ፣ በአብዛኛው ደቃቅ የባሕር ነፍሳት የሚበላ፣ ማንንም የማይነካ ፍጡር ነው። እ.ኤ.አ. ከ2003 ጀምሮ ንግዱን ዓለም አቀፍ ስምምነት የሚቆጣጠረው ነው። ቀስት ይዞ ወደ እሱ መጠጋት የለም። ለሌላውም ዓሣ ቢሆን እያንዳንዱ አገር ስለ ጦርና ቀስት የራሱ ሕግ አለውና ዕቃ ከመግዛት በፊት የዚያን አገር የዓሣ ሀብት መሥሪያ ቤትና የወደቡን ባለሥልጣን መጠየቅ ግድ ነው። ቀስት በድንበር ሲያልፍም እንደዚሁ፤ ጉምሩክ ላይ ተይዞ ከማስረዳት አስቀድሞ ጠይቆ ማስመዝገብ ይሻላል።

ሦስቱ ቀስቶች

ሪከርቭ የሚባለው ጫፎቹ ወደ ፊት የተቀለበሱ፣ መዘውር የሌለው ቀስት ነው። ጥጥ የሚነደፍበትን ደጋን ያየ የወሎ ሰው ግማሹን ያውቀዋል፦ የሚለመጥ እንጨት፣ አውታር፣ ሌላ ምንም። በሳቡት ቁጥር እየከበደ ስለሚሄድ ሙሉ በሙሉ ስቦ መቆየት ያደክማል፤ በየብስ አደን ይህ ጉድለት ነው። ዓሣ ላይ ግን ማን ስቦ ይቆያል? ብቅ ብሎ እስኪጠፋ ያለው ጊዜ ሁለት ሦስት ሴኮንድ ነው። ሪከርቭ በሦስት አራተኛ ስበትም ይለቀቃል፣ በጣት ይሳባል፣ አሸዋና ጨው ገብቶ የሚያደናቅፈው ተሽከርካሪ አካል የለውም። ጣት እንዳይላጥ አውታሩ ላይ ሁለት የጎማ ቱቦ ይገባል፤ ያ ብቻ ነው ጭማሪው።

ባለ መዘውሩ፣ ኮምፓውንድ የሚባለው፣ ጠንካራና ፈጣን ነው። የሚያሳስተው ግን የአደን ኮምፓውንድና የዓሣ ኮምፓውንድ አንድ አለመሆናቸው ነው። የአደኑ ቀስት መጨረሻ ላይ ሲደርስ ክብደቱን ከ65 እስከ 85 በመቶ ይጥላል። 60 ፓውንድ የሚሳብ ቀስት 80 በመቶ ከጣለ እጅ ላይ የሚቀረው 12 ፓውንድ ነው፤ አነጣጥሮ ለሚቆይ ሰው ምቹ ነው። ዓሣ የሚወጋው ሰው ግን በችኮላ ይስባል። መጨረሻው ላይ ሳይደርስ ከለቀቀ ፍላጻው ይሰንፋል፤ ደርሶ ትንሽ ካላላ ደግሞ መዘውሩ እጁን ወደ ፊት ይነጥቀዋል። ለዓሣ የሚሠራው ኮምፓውንድ ክብደቱን ጨርሶ የማይጥል ወይም በጣም ጥቂት የሚጥል ነው። ሻጩ «ስንት በመቶ ይጥላል?» ተብሎ ሲጠየቅ 80 ካለ፣ ዋጋው ቢያጓጓም ይለፍ።

ሦስተኛው ባለ ማንሻ ቀስት ነው፤ በስፋት የሚታወቀው ኦናይዳ ነው። የሪከርቭን ልስላሴ ከኮምፓውንድ ጉልበት ጋር ያጣመረ፣ በጣት የሚሳብ ግሩም ዕቃ። ዋጋው ከሌሎቹ ይልቃል፣ ክፍሎቹም ይበዛሉ። በየሳምንቱ ባሕር ለማይወጣ ሰው አይመከርም።

ለወሎ ሰው ምርጫውን የሚቆርጠው ሌላ ነገር ነው፦ ጥገና። የኮምፓውንድ አውታር ሲበጠስ የቀስቱን ክንዶች፣ ማለትም የሚለመጡትን ሁለት ጎኖች፣ ጨምቆ የሚይዝ ልዩ መጭመቂያ ያስፈልጋል፤ ያለ እሱ አውታሩን ለመቀየር የሚሞክር ሰው የቀስቱ ክንድ ተፈናጥሮ ሊመታው ይችላል። ያን መጭመቂያ ደሴ ላይ ፍለጋ መውጣት ድካም ነው። ሪከርቭ በአንድ የማጠፊያ ገመድ፣ እግርና እጅ ተጠቅሞ በደቂቃ ውስጥ ይታሰራል። ሦስት ቦታ ተፈትቶ ሻንጣ ውስጥ የሚገባው ዓይነት አንዱ ክንድ ቢሰነጠቅ ያንኑ ክንድ ብቻ ማስመጣት ይቻላል።

ሙቀቱም አለ። ደሴ ብርድ ውስጥ ያለ ችግር የኖረ ቀስት፣ መስኮቱ በተዘጋ መኪና ውስጥ ሚሌ ላይ እኩለ ቀን ከዋለ፣ የክንዱ ንጣፎች የተጣበቁበት ሙጫ ሊለቅ ይችላል። ከጉዞ በኋላ ክንዱን በጥፍር እየዳሰሱ ስንጥቅ መፈለግ፣ ጥጥ ማሻሸት ነው፤ ጥጡ ከያዘ ያ ቀስት አይሳብም። የአውታር ውጥረት ያለባቸውን ሪከርቮች ለጉዞ ፈቶ መጫን ነው።

የመሳቢያ ክብደትን በተመለከተ፣ 40 ፓውንድ፣ ማለትም 18 ኪሎ ገደማ፣ እስከ አሥራ አምስት ኪሎ ላለው ዓሣ ይበቃል። ለሻርክና ለሰፊ ስቲንግሬይ 50 ፓውንድ ይያዝ። 60 የሚያስፈልገው ጥቂት ሰው ነው። መፈተኛው ቀላል ነው፦ መሬት ላይ እግር ዘርግቶ ተቀምጦ ቀስቱን ሳያነሳ ሳያወርድ ቀጥ አድርጎ መሳብ። እንዲህ መሳብ ያቃተው ሰው በሚወዛወዝ ጀልባ ላይ ከዚህ የተሻለ አይስብም።

ፍላጻው

የየብስ አደን ፍላጻ ክብደቱ ከ23 እስከ 32 ግራም ነው፤ ውሃ ላይ ሲያርፍ እንደ ስንደዶ ይታጠፋል። የዓሣ ፍላጻ ድፍን ፋይበርግላስ፣ ውፍረቱ 8 ሚሊ ሜትር፣ ከጫፉ ጋር 90 ግራም ገደማ የሚመዝን ነው። ላባ የለውም፤ ላባ ውሃ ውስጥ ፍላጻውን ያጠመዋል፣ የሚተኮስበት ርቀትም ከሦስት እስከ ስምንት ሜትር ስለሆነ አያስፈልግም። ለከባድ ዓሣ ካርቦን የተቀላቀለበት ፋይበርግላስ አለ፤ ከተራው ፋይበርግላስ የበለጠ ግትርና ጠንካራ ነው።

ከቀስቱም ከፍላጻውም በላይ የሰው ሕይወት ያለበት አንድ ትንሽ ዕቃ አለ፦ ገመዱ የሚታሰርበት ተንሸራታች ቀለበት። ገመዱ ፍላጻው ጭራ ላይ በቀጥታ ከታሰረ፣ ሲሳብ ከአውታሩ ጋር አብሮ ወደ ፊት ለፊታችን ይመጣል። በአውታሩ ወይም በእጅጌ ላይ ከተጠመጠመ፣ ፍላጻው ሲለቀቅ ገመዱ ይወጠርና ፍላጻውን ወደ ተኳሹ ይመልሰዋል። በዚህ መንገድ ሰው ሞቷል። ቀለበቱ ግን ሲሳብ ከቀስቱ ፊት ለፊት ይቆያል፤ ሲተኮስ በዘንጉ ላይ ተንሸራትቶ ጭራው ጋ ያለው ማቆሚያ ላይ ያርፋል። ቀለበት የሌለው ፍላጻ በነጻ ቢሰጥም አይወሰድ።

ገመዱ የት ይቀመጥ?

እዚህ ላይ ነው ጊዜ መውሰድ ያለበት።

የእጅ ማጠንጠኛው በቀስቱ ፊት የሚታሰር ክብ ነገር ነው፤ ገመዱ በእጅ ይጠመጠማል። ርካሽ ነው፣ አይበላሽም፤ ግን አንዴ የሳተ ሰው እስኪጠመጥም ዓሣው አገር ለቆ ይሄዳል። ለመለማመጃ ይሁን።

ባለ ቁልፉ ማጠንጠኛ የተለመደው የዓሣ ማጥመጃ ዓይነት፣ በሚሽከረከር እጀታ ክሩን የሚጠመጥም ነው። መልሶ መጠምጠሙ ፈጣን ነው፣ ፍሬንም ስላለው ዓሣው ሲጎትት ክር ይለቃል። ጉዱ ቁልፉ ነው። ከእያንዳንዱ ምት በፊት ካልተጫነ ክሩ አይወጣም፤ ፍላጻው መንገድ ላይ ይቆማል፣ ወይ ክሩ ይበጠሳል ወይ ፍላጻው ይመለሳል። የቸኮለ አፍሶ ለቀመ የሚባለው እዚህ ላይ ነው፤ ዓሣ ድንገት ብቅ ሲል መጀመሪያ የሚረሳው ቁልፉ ነው። ከጨውም ጋር አይስማማም፤ ውስጡ ያሉት ስፕሪንጎችና ኩሽኔታዎች ከባሕር በኋላ በንጹሕ ውሃ ታጥበው ካልተቀቡ ይያዛሉ።

ጠርሙሱ በቀስቱ ጎን የሚታሰር የፕላስቲክ ዕቃ ሲሆን ገመዱ ውስጡ ልቅ ሆኖ ይከመራል፤ 23 ሜትር ገደማ ይይዛል። የሚጫን ቁልፍ የለም፣ የሚረሳ ነገር የለም፤ ፍላጻው ሲወጣ ገመዱ ያለ ተቃውሞ ይከተለዋል። ለመሰብሰብ ምላስ መሰሉን ማንሻ ጫን አድርጎ እጀታውን ማሽከርከር ነው። ጀማሪ ከሁሉ ይህን ይያዝ። ጉድለቱ ፍሬን የለውም፤ ከባድ ዓሣ ከሆነ ጉትቻው በእጅ ነው፣ ገመዱም እጅ ይቆርጣል። ስፔክትራ የሚባለው ቀጭን ሰው ሠራሽ ክር ውስጡ ሲከመር ስለሚጠላለፍ ጠርሙስ የሚወደው ዳክሮን የሚባለውን ወፈር ያለ ባለ 200 ፓውንድ ክር ነው፤ 90 ኪሎ ይሸከማል።

እነዚህ ሦስቱም ገመዱን ከቀስቱ ጋር ያስራሉ፤ ቀስቱን ደግሞ ሰው ይዞታል። ከሃያ ኪሎ በላይ የሆነ ሻርክ ሲጎትት ሰውየው ወይ ቀስቱን ይለቃል ወይ አብሮ ውሃ ይገባል። ስለዚህ ለትልቅ ዓሣ መልሱ ከሦስቱ አንዱ አይደለም፤ ገመዱን ከቀስቱ ነጥሎ ተንሳፋፊ ላይ ማሰር ነው።

ተንሳፋፊው

አሠራሩ እንዲህ ነው። የገመዱ አንድ ጫፍ ፍላጻው ቀለበት ላይ፣ ሌላው ተንሳፋፊው ላይ ይታሰራል፤ ቀስቱ በመካከል የለም። ገመዱ ከ25 እስከ 30 ሜትር፣ ጥንካሬው 400 ፓውንድ፣ ማለትም 180 ኪሎ ገደማ ይሁን። ባልዲ ውስጥ በክብ በክብ እየተከመረ ይቀመጣል፤ ከላይ ያለው ጫፍ የፍላጻው፣ ከታች የወጣው የተንሳፋፊው ነው። መሬት ላይ ወይም እግር ሥር የተከመረ ገመድ ቁርጭምጭሚት ይይዛል። ዓሣው ሲወጋ ገመዱ ይወጣል፣ ተንሳፋፊው ተወርውሮ ይከተላል፣ ሰው ምንም አይይዝም። ጀልባው ከርቀት ይከተላል። ዓሣው ሲደክም ተንሳፋፊው ይቆማል፤ ያኔ ገመዱ በጓንት ቀስ እያለ ይሰበሰብና ሁለተኛ ፍላጻ ወይም ጦር ይጨመራል። ገመድ እጅ ላይ መጠምጠም በፍጹም የለም። ያልሞተ ሻርክም ጀልባ ውስጥ አይገባም።

ተንሳፋፊ ምን ይሁን? ቢጫው የ20 ሊትር ጀሪካን ለሁሉም ቤት ቅርብ ነው፣ ቀለሙም ከሩቅ ይታያል፣ ሃያ ኪሎ ገደማ ያነሳል። ሁለት ነገር ግን ይጎድለዋል። አንደኛ፣ እጀታው ላይ ብቻ ከታሰረ እጀታው ይገነጠላል፤ ገመዱ እንደ ጥቅል ጭነት በወገቡ ዙሪያ በመስቀል መታሰር አለበት። ሁለተኛ፣ ዓሣው ወደ ታች ይዞት ከወረደ ይጨመቃል፤ አሥር ሜትር ላይ የውሃው ጫና ገጽ ላይ ካለው እጥፍ ስለሚሆን በውስጡ ያለው አየር በግማሽ ያንሳል፣ ጀሪካኑም ይጨማደዳል፣ የማንሳት አቅሙም እዚያው ይቀንሳል። ለባሕር የተሠራው ድፍን ፎም ይህ ችግር የለበትም። ተነፍቶ የሚሠራው ክብ ተንሳፋፊ 35 ሴንቲ ሜትር ስፋት ያለው ከሆነ ከጀሪካኑ ጥቂት በልጦ 22 ሊትር ያህል ይይዛል፤ ለመጎተት ግን ክቡ ይሻላል፣ የጀሪካኑ ማዕዘን ውሃ ያግታል።

ብዙ ዓሣ የሚያመልጠው በማያያዣው ነው። ገመዱ 180 ኪሎ እየቻለ ሱቅ የተገኘ ቀለበት 40 ኪሎ ላይ ከተከፈተ፣ ያ ሙሉ ዕቃ 40 ኪሎ የሚችል ዕቃ ነው። ቀለበቱ ላይ የተጻፈውን ቁጥር አይቶ፣ ያልተጻፈበትን ጥሎ መግዛት ነው። ሻርክ ላይ ደግሞ ከፍላጻው ቀጥሎ አንድ ሜትር ተኩል የማይዝግ የብረት ገመድ ይግባ፤ ጥርሱ ብቻ ሳይሆን ቆዳውም እንደ ብርጭቆ ወረቀት ሸካራ ስለሆነ ክር ያለ ጥርስ ይቆርጣል።

ቋጠሮውም ይታሰብበት። ስፔክትራ የሚያንሸራትት ክር ስለሆነ ተራ ቋጠሮ ይፈታበታል። ክሩን እጥፍ አድርጎ በቀዳዳው ማሳለፍ፣ ልል ቋጠሮ ማሰር፣ ከዚያ የእጥፉን ዙር ቀለበቱን አልፎ እንዲዞር አድርጎ በውሃ አርጥቦ ማጥበቅ ነው። ጫፉ አንድ ሴንቲ ሜትር ቀርቶ በክብሪት ይለብለብ።

ጫፉ

ባለ ሁለት ረጅም እሾህ ጫፍ ሥጋው ለስላሳ ለሆነው ስቲንግሬይ ነው፤ ሰፊ ስለሚይዝ አይቀደድም። የሻርክ ቆዳ ጠንካራ ስለሆነ እሾሁ አጭር፣ ስለቱ ሹል ይሁን። ሁለቱም ዓሣው ከወጣ በኋላ ጫፉ ሁለት ሦስት ጊዜ ሲጠመዘዝ እሾሁ ወደ ፊት የሚገለበጥ ዓይነት ካልሆኑ ፍላጻውን ለማውጣት ሥጋ መቅደድ ይመጣል። ለከባድ ዓሣ ጫፉ ከዘንጉ ተለይቶ በብረት ገመድ የሚቀር አለ፤ ዘንጉ እንደ ማንሻ ሆኖ ቁስሉን አያሰፋም፣ አይሰበርምም። ከሃምሳ ኪሎ በላይ ለሚያስብ ሰው ይህ ብቻ ነው።

ስቲንግሬይ ጀልባ ጋ ሲደርስ ጅራቱ ላይ ያለው መርዛማ እሾህ መጀመሪያ በረጅም ጉጠት ይያዛል፣ ይቆረጣል። እሾሁ የወጋው ሰው ቁስሉን ሳያቃጥለው በሚችለው ሙቅ ውሃ፣ እስከ 45 ዲግሪ፣ ከ30 እስከ 90 ደቂቃ ነክሮ ያቆያል፤ ሕመሙን ያስታግሳል። ሐኪም ግን አይቀርም፤ ቁራጭ ውስጥ ሊቀር ይችላል፤ ደረት ወይም ሆድ ላይ ከሆነም ምንም ሳይነቀል ወደ ሆስፒታል ነው።

ማነጣጠርና ልምምድ

ውሃ ውስጥ የተነከረ ዘንግ የተሰበረ ይመስላል፤ ዓሣውም እንዲሁ ካለበት ከፍ ብሎ ይታያል። ከላይ ቀጥ ብለው ቢያዩት ጥልቀቱ ከእውነተኛው ሦስት አራተኛው ብቻ ይመስላል፤ ከጎን ሲያዩት ስህተቱ ይብሳል። የልምድ ስሌቱ፦ ሦስት ሜትር ርቀት ላይ 30 ሴንቲ ሜትር ጥልቀት ላለ ዓሣ አሥር ሴንቲ ሜትር ዝቅ አድርጎ መተኮስ። ርቀቱ ወይም ጥልቀቱ እጥፍ ሲሆን ዝቅታውም እጥፍ ይሆናል። የሚያነጸባርቀውን የውሃ ብርሃን የሚቆርጥ ፖላራይዝድ መነጽር የሌለው ሰው ዓሣውን ሳይሆን ሰማዩን ነው የሚያየው።

ልምምዱ ወሎ ውስጥ ይሠራል። አሸዋ የተሞላ የአንድ ሊትር ጠርሙስ በገመድ ታስሮ ግማሽ ሜትር ወደ ውሃ ይውረድ፤ ጫፉ ደነዝ የሆነ ፍላጻ ይሁን። ደሴ አቅራቢያ ባለው የሐይቅ ከተማ ሐይቅ ላይ ከሆነ ጥልቀቱ 80 ሜትር የሚያልፍ ውሃ ስለሆነ ዳርቻውን ትቶ መሄድ አያስፈልግም፤ የወደቀ ፍላጻም አይመለስም። አስጋሪዎቹ መረብ የጣሉበትን አስቀድሞ መጠየቅ ነው፤ አንድ ፍላጻ የቀደደው መረብ ከቀስቱ ይልቅ ጠብ ያመጣል።

እውነተኛ ዓሣ መውጋት ግን ሌላ ጉዳይ ነው። የዓሣ ሀብት ልማትና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 315/1995 አለ፣ ክልሉም የራሱ ሕግ አለው፤ የወረዳው ግብርና ጽሕፈት ቤት ሳይጠየቅ አይጀመርም። ተፈቅዶም ቢሆን ቆሮሶ ለቀስት ትንሽ ነው፣ ቀዳዳው ሥጋውን ያበላሸዋል። አምባዛ ለቀስት የሚመች ዓሣ ነው፤ ጭንቅላቱ ጠፍጣፋ አጥንት ስለሆነ ከጭንቅላቱ በስተኋላ ይወጋል። ነገር ግን ጥልቀት ወደሌለው ሣር ውስጥ በብዛት የሚወጣው በክረምት፣ እንቁላል ሊጥል ሲመጣ ነው። ያን ጊዜ መውጋት የከርሞውን ዓሣ መውጋት ስለሆነ ቀስቱ ይሰቀል። በመንጠቆ የተያዘ ትንሽ ዓሣ ይለቀቃል፤ በፍላጻ የተወጋ አይለቀቅም።

ከባሕር መልስ

ጨው ሌሊቱን ሙሉ ይሠራልና ዕቃው በዚያው ምሽት ይታጠባል። አምስት ሊትር ንጹሕ ውሃ ይበቃል፦ መጀመሪያ ማጠንጠኛውና ብሎኖቹ፣ ቀጥሎ ቀለበቱና ጫፉ፣ በመጨረሻ ገመዱ። ብሎን ላይ ነጭ ዱቄት የመሰለ ነገር ከታየ አሉሚኒየሙ መበላት ጀምሯል፤ ያ ብሎን በማይዝግ ብረት ተቀይሮ ትንሽ ግሪስ ይቀባ። ፋይበርግላሱ ዘንግ በእጅ ሲታሽ ቆዳ ላይ የሚሰካ ቃጫ ካወጣ ከእንግዲህ አይተኮስም፤ ሲለቀቅ እጅ ውስጥ ሊሰነጠቅ ይችላል። ገመዱ ፍላጻው አጠገብ ያለው የመጀመሪያው ሁለት ሜትር ከሁሉ በላይ ይጎዳል፤ ከእያንዳንዱ ጉዞ በኋላ ተቆርጦ ይጣልና ቋጠሮው እንደ አዲስ ይታሰር።